አውራ ጣት ሲታነቅ ካርዳችሁ ላይ ምን ይጻፋል?



ሰሞኑን ጋምቤላ ከተማ የምትኖር አንዲት ተከታታያችን በውስጥ መስመር የአንድ ወረቀት ፎቶ ላከችልኝ። ወረቀቱ የእህቷ ነው። እህትየዋ የምትኖረው አሜሪካ ሚኒሶታ ነው፤ ከጋምቤላ የሄዱ ብዙ ኑዌሮችና አኝዋኮች እዚያ አሉ። ቀለበት አውራ ጣቷ ላይ ተጣብቆ አልወጣ ብሏት ድንገተኛ ክፍል ሄዳ አስቆርጣ ተመለሰች። ወረቀቱ ላይ ግን "ቀለበት" የሚል ነገር የለም። ያለው ኤስ60.341ኤ እና ደብሊው49.04ኤክስኤ የሚል ነው። "ዶክተር፣ እህቴ የደበቀችኝ በሽታ አለ እንዴ? የካንሰር ቁጥር ነው ያለኝ ሰው አለ፤ እንቅልፍ አጣሁ" ትላለች።

የለም እህቴ፣ ምንም አልደበቀችሽም። ያ ቁጥር የሚለው እሷ የነገረችሽን ነው። እንዲያውም እሷ ካለችሽ በላይ በዝርዝር ይናገራል። ጥያቄውን በፈቃዷ ለሁላችሁም ያመጣሁት፣ ይሄ ነገር እኛም አገር በጣም ስለሚያገባንና ጣት ስለሚያሳጣ ነው።

ቁጥሩን እንፍታው። ዓለም ላይ ያሉ በሽታዎችና ጉዳቶች ሁሉ የተመደቡበት አንድ ትልቅ ዝርዝር አለ፤ በምህጻሩ አይሲዲ ይባላል። መነሻው የሞት ምክንያቶችን ለመቁጠር የወጣ ዝርዝር ነው። ፈረንሳዊው የስታቲስቲክስ ሰው ዣክ በርቲዮን እ.ኤ.አ. በ1893 ያቀረበው ሲሆን፣ ከ1948 ጀምሮ የዓለም ጤና ድርጅት ይዞታል። አሜሪካኖች አሥረኛውን እትም ወስደው ለራሳቸው እጅግ በጣም አርዝመውታል። የእህትሽ ወረቀት ላይ ያለው ይሄ የተራዘመው ነው።

"ኤስ" ማለት ጉዳት ነው፣ ከውጭ የመጣ። "60" የእጅ አንጓ፣ የእጅና የጣቶች ላይ ላዩን ጉዳት። ቀጥሎ ያለው "3" አውራ ጣት መሆኑን ይናገራል። "4" ደግሞ ከውጭ በሆነ ነገር መታነቅ። "1" ቀኝ ነው፤ ግራ ቢሆን 2፣ የጻፈው ሰው የትኛው እንደሆነ ካልገለጸ 9 ይሆን ነበር። መጨረሻ ላይ ያለችው "ኤ" ሕክምናው ገና እየተሰጠ ነው ትላለች። ለክትትል ስትመለስ "ዲ" ይሆናል፤ ጠባሳ ወይም መደንዘዝ ጥሎባት ከዓመት በኋላ ብትመጣ ደግሞ "ኤስ"። ሁለተኛው ቁጥር ያነቀውን ነገር ይናገራል፤ ደብሊው49.04 ቀለበት ወይም ሌላ ጌጥ ነው። 01 ቢሆን ጸጉር፣ 02 ክር ወይም ገመድ፣ 03 ላስቲክ። "ኤክስ" ባዶ ቦታ መሙያ ናት፣ ምንም ትርጉም የላትም።

በሁለት መስመር ቁጥር "ቀኝ አውራ ጣት በቀለበት ታንቆ ለመጀመሪያ ሕክምና መጣች" ተብሏል ማለት ነው። አሜሪካ ውስጥ ይሄ ሁሉ ዝርዝር የሚጻፈው በዋናነት ኢንሹራንስ ስለሚከፍል ነው፤ ቁጥሩ ከተሳሳተ ሂሳቡ ይመለሳል። እኛ ጋ እንዲህ ያለ ነገር የለም። ግን ካርድ ላይ የሚጻፈው ነገር እኛንም ያስከፍለናል፤ አንዳንዴ በጣት።

የኛን አገር ልንገራችሁ። ጤና ተቋም ስትመጡ ስማችሁ መዝገብ ላይ ይሰፍራል፣ ከጎኑ የበሽታው ስም ይጻፋል። ያ ስም ጤና ሚኒስቴር ባወጣው ብሔራዊ የበሽታዎች ምደባ መሠረት ይቆጠራል። ቆጠራው በኛ አቆጣጠር ከወሩ 21 እስከ ቀጣዩ ወር 20 ድረስ ያለውን ይይዛል፤ ከዚያ ዲኤችአይኤስ 2 በሚባለው ሲስተም ወደ ወረዳ፣ ወደ ክልል፣ ወደ ሚኒስቴር ይወጣል። ጋምቤላ ውስጥ የማንኛውንም ጤና ጣቢያ መዝገብ ብትገልጡ ወባ፣ ወባ፣ ወባ ይላል። በመሀል አንድ "ጉዳት" ወይም "የጣት ቁስል" የሚል መስመር ታገኛላችሁ። በምን ተጎዳ? የት? የትኛው እጅ? አልተጻፈም።

የዓለም ጤና ድርጅት ያወጣው መደበኛው አሥረኛ እትምም ቢሆን እንደ አሜሪካኖቹ አይዘረዝርም። በሱ ብትሄዱ የታነቀ አውራ ጣት "ሌሎች የእጅ ላይ ላዩን ጉዳቶች" ከሚለው ከኤስ60.8 ውስጥ ይወድቃል፤ ከጭረትና ከመሰል ጉዳት ጋር ማለት ነው። እ.ኤ.አ. ከጃንዋሪ 2022 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው አሥራ አንደኛው እትም ቀኝና ግራን ለብቻ በሚቀጠል ኮድ እንዲጻፍ አድርጓል፣ ጥሩ ነው። ግን እውነቱን እንነጋገር፤ አንድ ነርስ ቀኑን ሙሉ የወባ ደም ምርመራ ሲያስነብብ ከዋለ በኋላ ሰባት ፊደል ያለው ኮድ ይፈልግ ብዬ አልጠይቅም። እኔም አልፈልግም። የምጠይቀው አንድ ዓረፍተ ነገር ነው።

ለምን እንደሆነ በአንድ ታካሚ ላስረዳችሁ። ማንነቱን የሚያሳውቅ ነገር ቀይሬያለሁ።

ባሮ ላይ ዓሣ የሚያጠምድ ወጣት ነው። ዘንግ የለውም፤ ብዙዎቹ እንደሚያደርጉት የናይለኑን ክር እጁ ላይ ጠቅልሎ ነው የሚያጠምደው። ትልቅ ዓሣ ያዘና ጎተተ፣ ክሩ አውራ ጣቱ ላይ ሁለት ዙር ገብቶ ጠበቀ። በቢላ ቆረጠው፣ ዓሣው አመለጠ፣ እሱም ቤቱ ገባ። በማግስቱ ጣቱ ሲያብጥ አቅራቢያው ወዳለ ተቋም ሄደ። ቁስሉ ታጥቦ ታሸገለትና መድኃኒት ተሰጠው። በሦስተኛው ቀን ጣቱ ሲጠቁር ሪፈር ተጽፎለት እኛ ጋ መጣ። የሪፈር ወረቀቱ ላይ ያለው "የጣት ቁስል፣ ቁስሉ ተጠርጓል" ብቻ ነው።

ሪፈሩን ብቻ ብታነቡ የምታስቡት ኢንፌክሽን ነው። ጣቱ አብጧል፣ ይሸታል፣ ጫፉ ጠቁሯል። የሚያስፈልገው ጠንካራ አንቲባዮቲክ ይመስላል። አኝዋክኛ የምትናገር ነርሳችን "ወንድሜ፣ መጀመሪያ ምን ነክቶህ ነው?" ብላ ስትጠይቀው "ክሩ" አለ። "ክሩስ የት ሄደ?" አላት? ዝም አለ። ጣቱን ዞር አድርገን ብርሃን ላይ ስናየው ከሥሩ በላይ ቀጭን ቦይ አለች፣ ዙሪያውን። እብጠቱ ከላይና ከታች መጥቶ ሸፍኗታል። ክሩ እዚያው ውስጥ ነበር፣ ሦስት ቀን ሙሉ።

ጣቱን ከሥሩ አደንዝዘን ቆዳውን በጎን በኩል በቁመት ከፍተን ክሩን አወጣነው። ሁለት ዙር፣ ከጸጉር ትንሽ የወፈረ ናይለን። ደም ተመለሰ። ጣቱ ተረፈ፤ ጥፍሩና የጫፉ ቆዳ ግን ሄደ፣ ጫፉ ዛሬም አይሰማውም። መንጠቆ ላይ ትል ለመሰካት፣ ቁልፍ ለመቆለፍ፣ ስልክ ለመንካት የሚያገለግለው ያ ጫፍ ነው።

የመጀመሪያው ወረቀት ላይ "ቀኝ አውራ ጣት፣ በዓሣ ማጥመጃ ክር ታንቆ፣ ትናንት ማታ፣ ክሩ መውጣቱ አልታየም" የሚል አንድ መስመር ቢኖር ኖሮ የሚቀጥለው ባለሙያ የሚፈልገውን ያውቅ ነበር። ከዚህ ዓረፍተ ነገር የፈለጋችሁትን ኮድ በኋላ ማውጣት ይቻላል። "የጣት ቁስል" ከሚል ቁጥር ግን ዓረፍተ ነገሩን መልሳችሁ ማውጣት አትችሉም።

አሁን መታነቅ ጣትን እንዴት እንደሚገድል እንይ። ብዙ ሰው ደም የሚቆመው ወዲያው ይመስለዋል፤ እንደዚያ አይደለም። ደም የሚያስገቡት የደም ቅዳ ቧንቧዎች ወፍራም ግድግዳና ጠንካራ ግፊት አላቸው። የሚያስወጡት ደም መልሶች ግን ስስ ናቸው፣ በትንሽ ጫና ይጨፈለቃሉ። ስለዚህ ደም ይገባል፣ አይወጣም። ጣት ያብጣል። ሲያብጥ ቀለበቱ ወይም ክሩ ይበልጥ ይጠብቃል፤ ሲጠብቅ ይበልጥ ያብጣል። መጨረሻ ላይ የውስጥ ግፊቱ ከሚገባው ደም በላይ ይሆንና መግባቱም ይቆማል። የመሞት ሰዓት የሚጀምረው ያኔ ነው። ጠዋት "ትንሽ ጠበቀኝ" ያላችሁት ቀለበት ማታ ድንገተኛ ክፍል የሚያመጣችሁ ለዚህ ነው። የጋምቤላ ሙቀት ደግሞ አያግዝም፤ በሙቀት እጅ ያብጣል፣ ነፍሰ ጡር ከሆናችሁ በላዩ ላይ ይጨመራል።

ከምደባው ጋር የምጣላው እዚህ ላይ ነው። ኮዱ "ላይ ላዩን ጉዳት" ይለዋል። ቆዳው ሳይቆረጥ፣ አጥንቱ ሳይሰበር፣ ከጭረትና ከውሃ መቋጠር አጠገብ ተቀምጧል። ወረቀቱን ያነበበ ሰው ቀላል ነገር ይመስለዋል። የታነቀ ጣት ግን እስኪፈታ ድረስ ድንገተኛ ሕክምና የሚፈልግ ጉዳት ነው፤ ተራ አይጠበቅበትም።

አንድ ተጨማሪ ነገር፣ መጻሕፍት ላይ "ጣቱ ሰማያዊ ይሆናል" ይላል። ጥቁር ቆዳ ላይ ሰማያዊ አይታይም፤ ሰማያዊ ስትጠብቁ ጣቱ ይሞታል። እናንተ ማየት ያለባችሁ የጥፍሩን ሥርና የመዳፍ በኩል ያለውን ቆዳ ነው። ጥፍሩን ተጭናችሁ ልቀቁት፤ ነጭ ሆኖ ሁለት ሰከንድ ባልሞላ ጊዜ ቀለሙ መመለስ አለበት። ከሌላው እጅ አውራ ጣት ጋር አወዳድሩት። ከቀዘቀዘ፣ ከደነዘዘ፣ ወይም ቀለሙ ለመመለስ ከዘገየ ቤት ውስጥ መሞከር ይበቃል፣ ኑ።

ቀለበት ከሆነና ጣቱ ገና ደህና ከሆነ ግን ቤት ውስጥ መሞከር ይቻላል። እጃችሁን ከልብ በላይ አንሡና አምስት አሥር ደቂቃ ቆዩ፣ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ንከሩት፣ ከዚያ ሳሙና ወይም ዘይት ቀብታችሁ ቀለበቱን እያዟዟራችሁ ግፉት፤ በቀጥታ አትጎትቱ። ካልሆነ የክር ዘዴ አለ። ረጅም የጥርስ ክር ወይም ለስላሳ የስፌት ክር ውሰዱ፤ አንዱን ጫፍ በቀለበቱ ሥር ወደ መዳፍ በኩል አሳልፉት። የቀረውን ከቀለበቱ ጀምራችሁ ወደ ጥፍሩ፣ መገጣጠሚያውን አልፎ፣ ክፍተት ሳይኖር አጥብቃችሁ ጠቅልሉ። ጥቅሉ እብጠቱን ይጨፈልቀዋል። ከዚያ በቀለበቱ ሥር ያሳለፋችሁትን ጫፍ ይዛችሁ ወደ ጥፍሩ አቅጣጫ ፍቱት፤ ክሩ ሲፈታ ቀለበቱን እየገፋ ያወጣዋል። ያማል፣ ግን ይሠራል። ጣቱ ከተሰበረ ወይም ከቆሰለ ይሄን አትሞክሩ። ክሩንም ጠቅልላችሁ አትርሱት፤ ካልተሳካ ወዲያው ፍቱት።

የብረቱም ዓይነት ወሳኝ ነው። ወርቅና ብር ለስላሳ ናቸው፣ በትንሽ የቀለበት መቁረጫ ይቆረጣሉ። ስቲልና ቲታኒየም ያስቸግራሉ፣ ጊዜ ይወስዳሉ፣ ሲቆረጡም ይግላሉ፤ ስለዚህ ቆዳው እየተሸፈነና ውሃ እየፈሰሰበት በባለሙያ እጅ ነው የሚሠራው። ተንግስተን የሚባለው ከባድ ጥቁር ወይም ግራጫ ቀለበት (አሁን ወንዶች ለጋብቻ የሚገዙት) ጭራሽ አይቆረጥም። በሚጨብጥ መሣሪያ ቀስ በቀስ ተጨንቆ ነው የሚሰነጠቀው፤ ሴራሚክም እንደዚያው። ስትመጡ ከምን እንደተሠራ ንገሩን፤ ያ አንድ ቃል ግማሽ ሰዓት ያተርፋል። በፒንሳ ጎረቤት እየጎተተላችሁ ቆዳችሁ ተገሽልጦ አትምጡ።

ሕፃናት ያሏችሁ ደግሞ ይሄን በደንብ አንብቡት። እናቶች ከወለዱ ከሁለት ከሦስት ወር በኋላ ጸጉራቸው በብዛት ይረግፋል። አንዲት ዘለላ የሕፃኑ ጣት ላይ ተጠምጥማ ትጠብቃለች። እጁን እንዳይቧጥጥ የምታለብሱት የጨርቅ ጓንት ውስጥ ያለ የተፈታ ክርም እንደዚሁ። በእግር ጣት ላይ አብዛኛውን ጊዜ ጸጉር ነው፣ በእጅ ጣት ላይ ደግሞ ክር። ሕፃኑ አይናገርም፤ ብቻ ያለቅሳል። ጡት ሰጣችሁት፣ ዳይፐር ቀየራችሁ፣ ሙቀት የለውም፣ አሁንም ያለቅሳል? ልብሱን ሙሉ በሙሉ አውልቁና እያንዳንዱን የእጅና የእግር ጣት፣ ወንድ ከሆነ ብልቱንም እዩ። ጸጉሩ ላይታያችሁ ይችላል፤ የምታዩት ቦይ ነው፣ ከቦዩ በላይ ያበጠ ጫፍ። ከታያችሁ በጥንቃቄ ፍቱት፣ ካልታያችሁ ይዛችሁት ኑ። "ሆድ ቁርጠት ነው" ብላችሁ አብሽ አታጠጡት። ጓንቱንም ሁልጊዜ ከማልበሳችሁ በፊት ገልብጡና ክሩን ቁረጡ።

ሌላው አናቂ ከኛው ከሕክምናው ይመጣል። የጣት ቁስል ሲሰፋ ደሙ እንዲቆም ከጓንት የተቆረጠ ላስቲክ ጣቱ ሥር ይታሰራል። ርካሽ ነው፣ ሁሉም ጋ አለ። ችግሩ ከቆዳ ጋር ይመሳሰልና ደም ከነካው በኋላ አይታይም፤ በላዩ ላይ ፋሻ ይጠቀለላል። እንግሊዞች ይሄ ደጋግሞ ስለደረሰባቸው በዲሴምበር 2009 (እ.ኤ.አ.) ብሔራዊ የታካሚዎች ደህንነት ኤጀንሲያቸው ማስጠንቀቂያ አውጥቷል፤ የጓንት ላስቲክ ቀርቶ ደማቅ ቀለም ያለው፣ ለዚሁ የተሠራ ማሰሪያ እንዲሆንና መፈታቱ እንዲመዘገብ። ጣታችሁ ተሰፍቶ ፋሻ ከመደረጉ በፊት "ማሰሪያው ተፈታ?" ብላችሁ ጠይቁ። አትፈሩ፣ አንቀየምም። ማደንዘዣው ከለቀቀ በኋላም ሕመሙ እየባሰ ከሄደ ፋሻው ይከፈት በሉ።

ጋምቤላ ላይ ግን ከሁሉም የሚያሳስበኝ እባብ ነው። እርሻ ላይ፣ ሣር ሲታጨድ፣ እንጨት ሲነሣ እጅ ይነደፋል፤ ከዚያ መርዙ ወደ ልብ እንዳይሄድ ተብሎ በጨርቅ ወይም በገመድ ጥርቅም ተደርጎ ይታሰራል። ሰዓታት መንገድ ላይ። ጋምቤላ ውስጥ ካሉት አንዳንዶቹ፣ ለምሳሌ ወፍራሙ የእፉኝት ዓይነት፣ መርዛቸው ራሱ የተነደፈውን ሥጋ ያበላሻል። ስታስሩት መርዙን እዚያው ጣት ላይ ሰበሰባችሁት፣ በላዩ ደም ከለከላችሁት። ማሰሪያው ሲፈታ ሌላ አደጋ አለ። የዓለም ጤና ድርጅት ጥብቅ ማሰሪያ አትጠቀሙ የሚለው ለዚህ ነው። አትሰሩ፣ አትብጡ፣ አትምጠጡ። ቀለበትና አምባር ወዲያውኑ አውልቁ፣ እብጠቱ ሳይመጣ። እጁን እንደተሰበረ እጅ በእንጨት ደግፋችሁ ሳያንቀሳቅስ ይዛችሁት ኑ። ቀድሞ ታስሮ ከሆነ ደግሞ ጤና ተቋም ከተቃረባችሁ እዚያው እስክትደርሱ አትፍቱት፣ ዝግጅት አድርገን እንፈታዋለን፤ መንገዱ ረጅም ከሆነ ለጤና ባለሙያ ደውላችሁ ጠይቁ።

ካርዱ ላይ ምን ይጻፋል? "የእጅ እብጠት" ተብሎ ከተጻፈ እባቡም ማሰሪያውም ጠፉ። በአሥረኛው እትም የእባብ መርዝ የራሱ ኮድ አለው፣ ቲ63.0። የዓለም ጤና ድርጅት ግምት በዓመት ከ81,000 እስከ 138,000 ሰው በእባብ እንደሚሞት፣ የዚህ ሦስት እጥፍ ገደማ ደግሞ እጅ እግሩን እንደሚያጣ ወይም አካሉ እንደሚጎዳ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ችላ ከተባሉት የሐሩር አካባቢ በሽታዎች ዝርዝር ውስጥ ገብቷል። ችላ የተባለበት አንዱ ምክንያት አለመቆጠሩ ነው። መድኃኒቱ ለአንድ ወረዳ ይላክ አይላክ የሚወሰነው በሪፖርት ነው፤ ሪፖርቱ ደግሞ ከ21 እስከ 20 ባለው ጊዜ መዝገብ ላይ ከሰፈረው ቃል አይዘልም።

ስለ ቀኝና ግራ ትንሽ ልጨምር፤ ብዙ ሰው "ምን ለውጥ አለው?" ይለኛል። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ በዚያኛው በኩል፣ ሱዳን ውስጥ፣ ኑዌሮች ጋ የኖረው እንግሊዛዊው አንትሮፖሎጂስት ኢቫንስ ፕሪቻርድ፣ ወጣት ወንዶች የብረት ቀለበቶችን ከአንጓቸው ጀምሮ ክንዳቸው ላይ አጥብቀው ያስገቡ እንደነበር ጽፏል፤ እስኪያቆስልና እጁ ለረጅም ጊዜ ከሥራ ውጪ እስኪሆን ድረስ። የሚገርመው ሁልጊዜ ግራ እጅ መሆኑ ነው። ቀኝ ጦር የሚይዝ እጅ ስለሆነ አይነካም። እኔ በሥራዬ እንዲህ ያለ አላጋጠመኝም፤ ግን ሰዎቹ ከአሜሪካኖቹ ኮድ በፊት ቀኝና ግራ አንድ እንዳልሆኑ ያውቁ ነበር። ልብስ ሰፊ ከሆናችሁ፣ ሾፌር ከሆናችሁ፣ ቀኝ አውራ ጣታችሁ ከግራው ጋር እኩል አይደለም። በአሜሪካ ሐኪሞች ማህበር የጉዳት መመዘኛ አውራ ጣት ሙሉ በሙሉ ቢታጣ የእጅ 40 በመቶ እንደጠፋ ይቆጠራል።

ይሄ መቶኛ እኛም ጋ ገንዘብ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ሥራ ላይ ጣታችሁ በገመድ፣ በሽቦ፣ በማሽን ቀበቶ ታንቆ ከተጎዳ፣ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ዘላቂ የአካል ጉዳት መጠን የሚወሰነው በሐኪሞች ቦርድ ነው። ቦርዱ የሚያየው እናንተን ብቻ ሳይሆን የመጀመሪያውን ቀን ካርድ ነው። የመጀመሪያው ካርድ "የጣት ቁስል" ካለ፣ ከስድስት ወር በኋላ "ግንባታ ሥራ ላይ የገመድ መጎተቻ አንቆት ነው" ማለት ክርክር ይሆናል። እንዲህ ያለ ወረቀት ይዘው መጥተው "ዶክተር፣ አስተካክልልኝ" የሚሉኝ አሉ። ያላየሁትን መጻፍ አልችልም። የማየውን ጠባሳ ነው የምጽፈው።

ስለዚህ ካርድ ክፍል ወይም ትሪያጅ ላይ ስትደርሱ ሳትጠየቁም ተናገሩ። የትኛው እጅ፣ የትኛው ጣት፣ ምን አነቀው፣ ከስንት ሰዓት ጀምሮ፣ ያነቀው ነገር ወጥቷል ወይስ አልወጣም፣ ሥራ ላይ ነበራችሁ ወይስ አልነበራችሁም። ቋንቋ የሚያስቸግር ከሆነ የሚያስተረጉም ሰው ይዛችሁ ኑ፤ የክልሉ የሥራ ቋንቋ አማርኛ ቢሆንም ለሁሉም ሰው የአፍ መፍቻ አይደለም። ክሩን ወይም ቀለበቱን ካወጣችሁት በፌስታል አድርጋችሁ አምጡት፤ የተቆረጠ ክር ሙሉ ይሁን አይሁን የምናውቀው አይተን ነው። ስትወጡ ደግሞ የተጻፈውን አንብቡልኝ በሉ። መብታችሁ ነው።

አንድ ማስጠንቀቂያ፦ የታነቀ የሚመስል ሁሉ የታነቀ አይደለም። ጣቱ ላይ ቀለበት የመሰለ ቦይ ይዞ የሚወለድ ሕፃን አለ፤ ማህፀን ውስጥ የሽሉ ሽፋን ተቀዶ ክር መስሎ ሲጠመጠም የሚመጣ ነው፤ እርግማንም የእናት ጥፋትም አይደለም። በአዋቂ ላይ የእግር ትንሿ ጣት ሥር ዓመታት ወስዶ እየጠለቀ የሚሄድ ቦይም አለ፤ አይንሁም ይባላል፣ ብራዚላዊው ሐኪም ዳ ሲልቫ ሊማ እ.ኤ.አ. በ1867 ነው የጻፈው። እነዚህ ሌላ ኮድ፣ ሌላ ሕክምና አላቸው። ክርም ቀለበትም ሳይነካው ቦይ ካያችሁ ቤት ውስጥ አትነካኩት።

ከተፈታ በኋላስ? ሕመሙና እብጠቱ ለአንድ ሁለት ቀን ሊቀጥል ይችላል፤ እጃችሁን ከፍ አድርጋችሁ ያዙት። ቆዳው ከተከፈተ የቴታነስ ክትባታችሁን እንጠይቃችኋለን። ጣቱ እንደገና ከቀዘቀዘ፣ መግል ከያዘ፣ ወይም መደንዘዙ ካልለቀቀ ተመለሱ።

ጋምቤላ ከተማ፣ ኢታንግ፣ አቦቦ፣ ፒኝዶ አካባቢ የምትሠሩ ባለሙያዎች፦ እናንተ ጋ የሚሠራ የቀለበት መቁረጫ ካለ ኮሜንት ላይ ጻፉልኝ። ከሌለ ደግሞ ድንገት ስትጠሩት የሚመጣ ወርቅ ሠሪ ካላችሁ እሱንም (ስልኩን በውስጥ መስመር)። ሰብስቤ የት የት እንዳለ እለጥፋለሁ።